ባለቤት ካልሆነ ሰው ቤት የገዛ ሰው መብትና ግዴታ

ምስጋና ሁሉ ለአላህ ይገባው። ሶላትና ሰላም በነቢያችን በሙሐመድ፥ በቤተ ሰቦቻቸውና በሶሓቦቻቸው ላይ ይሁን። ከዚህ በኋላ፦

አንባቢ ሆይ! ንግድ የተባረከ ሥራ ነው፤ የሚባረከው ግን ሻጩ የራሱን ወይም እንዲሸጥ የተፈቀደለትን ሲሸጥ ነው። የእናታችን የኸዲጃ የወንድም ልጅ ሐኪም ኢብን ሒዛም (ረ.ዐ.) ነጋዴ ነበሩ። ሰው መጥቶ በእጃቸው የሌለውን ዕቃ ሲጠይቃቸው፥ አስቀድመው ሸጠው ኋላ ከገበያ ገዝተው ሊሰጡት ይችሉ እንደ ሆነ ነቢዩን (ሰ.ዐ.ወ.) ጠየቁ። ነቢዩም በእጃቸው የሌለውን እንዳይሸጡ ከለከሏቸው። ዕቃውን ከገበያ ገዝቶ ለማቅረብ ያሰበ ነጋዴ እንዲህ ከተከለከለ፥ የሌላውን ቤት የራሴ ነው ብሎ የሚሸጥማ እንዴት ይሆን?

ነገሩ እንዲገለጥልህ አንድ ምሳሌ እናቅርብ። በመካነ ሰላም የሚኖር አንድ ነጋዴ ከእህልና ከማር ንግድ ባጠራቀመው ገንዘብ ቤት ገዛ እንበል። ሻጩ «ከአባቴ የወረስሁት ነው» አለው። ዓመት ሳይሞላ የሻጩ ሁለት እኅቶችና ለአካለ መጠን ያልደረሰ ወንድሙ በሞግዚቱ አማካይነት «ድርሻችን ያለ ፈቃዳችን ተሸጠ» ብለው ተነሡ። ሌላ ወራሽ ከሌለ፥ በሸሪዓ ውርሱ ከ6 ይከፈላል፤ ለእያንዳንዱ ወንድ ልጅ 2፥ ለእያንዳንዷ ሴት ልጅ 1 እጅ ይደርሳል። እንግዲህ ከ6ቱ እጅ የሻጩ 2ቱ ብቻ ናቸው፤ 4ቱን የሸጠው ያለ ሥልጣኑ ነው።

ገዥው «ገንዘቤን ከፍያለሁ፥ አላጠፋሁም» ይል ይሆናል። እውነት ነው፥ አላወቀምና ኃጢአት የለበትም። ሆኖም የገዥው ቅንነት ሻጩን ባለቤት አያደርገውም። በሻፊዒ መዝሀብ ዘንድ ያልተፈቀደለት ሰው የሸጠው የሌላ ሰው ድርሻ ሽያጩ ከንቱ ነው። በሐነፊ መዝሀብ ግን ባለቤቱ እስኪያጸድቀው ድረስ ታግዶ ይቆያል። ያልደረሰውን ልጅ ድርሻ ሞግዚቱ እንኳ የልጁን ጥቅም በሚጎዳ ነገር ሊያጸድቅ አይችልም። ገዥውም ሽያጩን በሙሉ ለማፍረስ ወይም የሻጩን ድርሻ ብቻ በልኩ ዋጋ ይዞ ለመቅረት ምርጫ አለው።

የገዥው ገንዘብስ? ሰሙራ ኢብን ጁንዱብ (ረ.ዐ.) ባስተላለፉትና አቡ ዳውድ በመዘገቡት ሐዲሥ፥ ሀብቱን በሌላ እጅ ያገኘ ባለቤት ሀብቱን እንደሚወስድ፥ ገዥው ደግሞ የሸጠለትን ሰው ተከትሎ እንደሚጠይቅ ተነግሯል። ስለዚህ የፊቅህ ሊቃውንት «ደማን አድ-ደረክ» የሚባለውን ዋስትና ፈቅደዋል፤ ይኸውም የተሸጠው ነገር የሌላ ሰው ሆኖ ቢገኝ ዋጋውን የሚመልስ ዋስ መያዝ ነው። ጠንቃቃ ነጋዴ ይህን ዋስ የሚይዘው ገንዘቡን ሳይቆጥር ነው።

ለአገራችን አንባቢ የተጨመረ ማብራሪያ

በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግም ከዚህ የራቀ አይደለም። በቁጥር 2281 መሠረት፥ በውሉ ጊዜ መብት የነበረው ሌላ ሰው ሀብቱን ቢያስለቅቅ ሻጩ ለገዥው ኃላፊ ነው። ሻጩ የሌላውን መብት እያወቀ ሸሽጎ ከሆነ፥ በውሉ ላይ «ኃላፊ አልሆንም» ብሎ ቢጽፍ እንኳ አይጠቅመውም። በተንኮል የተዋዋለ ሰው ውሉ እንዲፈርስ መጠየቅ ይችላል፤ ነገር ግን ተንኮሉን ካወቀ በኋላ 2 ዓመት እንዳያልፍበት ይጠንቀቅ። በተከሰሰም ጊዜ በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 43 መሠረት ሻጩ ወደ ክርክሩ እንዲገባ ያመልክት። ብቻውን ተከራክሮ ከተረታ በኋላ ሻጩን ፍለጋ መውጣት ድካም ነው።

የሸሪዓ ፍርድ ቤት በተከራካሪዎቹ ፈቃድ ስለ ውርስ ይፈርዳል፤ የዋጋ መመለስ ክርክር ግን የመደበኛው ፍርድ ቤት ነው። ወራሾቹ ወደ ሸሪዓ ካልተስማሙም በፍትሐ ብሔር ሕግ ወንድና ሴት ልጆች እኩል ይወርሳሉ፤ ያን ጊዜ የሻጩ ድርሻ ከ4 አንድ ብቻ ይሆናል። የእርሻ መሬት ለመግዛት ያሰብህ እንደ ሆነ ግን ተመለስ፤ በ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 40 መሬት አይሸጥም፥ አይለወጥም።

እንግዲህ ቤት ከመግዛትህ በፊት እነዚህን አድርግ። የይዞታውን ማረጋገጫ ከማዘጋጃ ቤቱ መዝገብ ጋር አመሳክር። ሻጩ ባለ ትዳር ከሆነ የሚስቱን ፈቃድ በጽሑፍ ተቀበል። የወራሽነት ማስረጃ ጠይቅ፤ ወራሾቹ ሁሉ ይፈርሙ። ውሉንም በጽሑፍ አድርገህ በፍርድ ቤት ወይም ውል ለማዋዋል ሥልጣን በተሰጠው አካል ፊት አስመዝግበው። አላህ በሱረቱል በቀራ ቁጥር 282 ዕዳ እንዲጻፍና ለሽያጭ ምስክር እንዲቆም ያዘዘው ለእኛው ጥቅም ነው።

በመጨረሻ አንድ ፈተና አለ። ወንድሜ ሆይ፥ ቤቱ የየቲሞች መሆኑን ካወቅህ በኋላ ሰይጣን «ሳይሰማ ለሌላ ሽጠውና ገንዘብህን አትርፍ» ይልሃል። ይህን ብታደርግ ትናንት ተታላይ የነበርኸው ዛሬ አታላይ ትሆናለህ፤ ስትገዛ የነበረህ ንጽሕናም ይጠፋል። ሐኪም ኢብን ሒዛም በሌላ ሐዲሥ እንዳስተላለፉት፥ እውነት ተናግረው ነውርን የገለጡ ሻጭና ገዥ በሽያጫቸው ይባረካሉ፤ የሸሸጉና የዋሹ ግን በረከታቸው ይጠፋል። ገንዘብህን ከአታለለህ ሰው በፍርድ ፈልግ፥ የየቲሙን ድርሻ ግን ልቀቅ።

አላህ ሐላሉን ያብቃቃን፥ ከሐራምም ይጠብቀን። አሚን።