ኤዲተሩና ሳንሱሩ፦ የፓብሎ ዴል አሞ ሥራ በስፔን ሲኒማ

ፊልም አይተን ስንወጣ የምናወራው ስለ ተዋናዮቹ ነው፤ ቢበዛ የዳይሬክተሩን ስም እናነሳለን። ኤዲተሩን ግን ማን ያስታውሰዋል? በዚህች አጭር ጽሑፍ ስፔናዊውን ኤዲተር ፓብሎ ጎንዛሌዝ ዴል አሞን ላስተዋውቃችሁ። ሥራው ለእኛ ለጋዜጠኝነት ተማሪዎች ብዙ የሚያስተምረን ነገር አለ። (ዓመቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ዴል አሞ በ1927 ማድሪድ ተወለደ። ይበልጥ የሚታወቀው በፕሮዲዩሰሩ በኤሊያስ ኬሬሔታ ፊልሞች ነው። ያኔ ስፔን በጄኔራል ፍራንኮ አገዛዝ ሥር ነበረች። አንድ ፊልም ሁለት ጊዜ በሳንሱር ያልፋል፦ መጀመሪያ ስክሪፕቱ ይነበባል፣ ሲያልቅ ደግሞ ፊልሙ ራሱ ይመረመራል። ከ1936 እስከ 1939 ስለተካሄደው የእርስ በርስ ጦርነት፣ ከአሸናፊዎቹ ትረካ ወጣ ብሎ በግልጽ መናገር የማይታሰብ ነበር።

ታዲያ ምን ይደረግ? የኤዲቲንግ ጉልበት የሚታየው እዚህ ላይ ነው። ካርሎስ ሳውራ ያዘጋጀውን የ1966ቱን «አደን» እንውሰድ። የፊልሙ ስም መጀመሪያ «የጥንቸል አደን» ነበር። «ጥንቸል» የሚለው ቃል በስፓኒሽ የብልግና ፍቺም ስላለው ሳንሱር አስወጣው። ቃሏን ያዟት! ፊልሙ ውስጥ ያለው ግን ከቃል በላይ ነው። በጦርነቱ ከአሸናፊዎቹ ጋር የተዋጉ ሦስት የድሮ ጓደኛሞች አንድ ወጣት አስከትለው፣ ቀድሞ ጦር ሜዳ በነበረ ደረቅ ሸለቆ ውስጥ ጥንቸል ያድናሉ። ጠመንጃ፣ ላብ ያጠመቀው ፊት፣ የሚወድቅ ጥንቸል እየተፈራረቁ ይታያሉ። በመጨረሻ ሰዎቹ ጠመንጃቸውን እርስ በርስ ያዞራሉ። «ይህ የእኛ ጦርነት ነው» ያለ የለም፤ ተመልካቹ ግን ምስሎቹን ራሱ ያገናኛል። መዝጊያው ላይ ወጣቱ ሲሮጥ ምስሉ ቀጥ ይላል፤ ትንፋሹ ብቻ ይሰማል። ሳውራ በዚህ ፊልም በርሊን ላይ በምርጥ ዳይሬክተርነት የብር ድብ ሽልማት አገኘ።

ሁለተኛው ምሳሌ በ1973 ቪክቶር ኤሪሴ ያዘጋጀው «የቀፎው መንፈስ» ነው። ትንሿ አና በመንደሯ የ1931ዱን «ፍራንከንስታይን» ታያለች። ጭራቁና አንዲት ልጅ በአበባ ሲጫወቱ እናያለን፤ ቀጥሎ የምናየው አባትየው የልጅቷን ሬሳ ታቅፎ ሲሄድ ነው። መሀሉ የለም። አና እህቷን «ለምን ገደላት?» ብላ ትጠይቃለች። ከዚያ በኋላ ታሪኩን የሚጎትተው ይሄው ጥያቄ ነው። የጎደለ ምስልም ይናገራል ማለት ነው እኮ!

እርግጥ ይህ ሁሉ የዴል አሞ ብቻ ሥራ አይደለም፤ የዳይሬክተሮቹም የካሜራ ባለሙያውም ነው። ነገር ግን ስክሪፕት ላይ የማይነበበው ትርጉም፣ በሁለት ምስሎች መገናኛ ላይ ያለው፣ የሚወለደው ኤዲተሩ ጠረጴዛ ላይ ነው።

ይህ ወደ እኛ ሙያ ይመልሰናል። ዜና ስንሠራ እኛም እንቆርጣለን፣ እንቀጥላለን። የአንድን ባለሥልጣን መልስ ከሌላ ጥያቄ ሥር ብናስገባ ወይም ከንግግሩ በኋላ የሚስቅ ሰው ፊት ብናስከትል፣ ሰውየው ያላለውን አሰኘነው ማለት ነው። ዴል አሞ የሠራባቸው ፊልሞች የተከለከለ እውነት የተናገሩበት ዘዴ፣ በእኛ እጅ ውሸት ሊናገር ይችላል። ልብ ወለድ ፊልም ላይ ብልሃት የሚባለው፣ ዜና ላይ ማጭበርበር ሊሆን ይችላል። ስለዚህ ከመቀጠላችን በፊት አንድ ነገር እንጠይቅ፦ እነዚህ ሁለት ምስሎች ለየብቻ ያላሉትን፣ አንድ ላይ ሲሆኑ ምን ይላሉ? ያስ እውነት ነው?

በስፔን የፊልም ሳንሱር በ1977 ተነሳ። ዴል አሞ የ1990ውን የሳውራን «አይ ካርሜላ!» ኤዲት አድርጎ በምርጥ ኤዲቲንግ የጎያ ሽልማት ወሰደ። ያ ፊልም የእርስ በርስ ጦርነቱን በስሙ ጠርቶ ይናገራል። ዴል አሞ በ2004 አረፈ። እኛም ከእንግዲህ ፊልም ስናይ የመጨረሻዎቹን ስሞች ሳናነብ አንነሳ።