ከረንት በካፓሲተር ውስጥ ቮልቴጅን ስለ ምን ይቀድማል?

ብዙዎቻችን «በካፓሲተር ከረንቱ ቮልቴጁን በ90 ዲግሪ ይቀድማል» የሚለውን ለፈተና እንሸመድዳለን፤ ምክንያቱን ግን አንጠይቅም። ውጤት ምክንያቱን ሊቀድም ይችላልን?

ነገሩን በውሃ በርሜል እንመልከተው። የውሃው ከፍታ ቮልቴጁ፣ የሚገባውና የሚወጣው ውሃ ከረንቱ ነው እንበል። ከፍታው የሚለወጠው ውሃ ሲገባ ወይም ሲወጣ ብቻ ነው። እንዲሁም የካፓሲተሩ ቮልቴጅ በብረት ሰሌዳዎቹ ላይ በተጠራቀመው ቻርጅ ልክ ነው፤ ስለዚህ ከረንቱ የሚከተለው የቮልቴጁን መጠን ሳይሆን የሚለወጥበትን ፍጥነት ነው። ቮልቴጁ ጫፍ ሲደርስ ለቅጽበት መለወጡን ያቆማል፤ ከረንቱም ዜሮ ይሆናል። ቮልቴጁ ዜሮን ሲያቋርጥ ግን ለውጡ እጅግ ፈጣን ስለሆነ ከረንቱ ጫፉ ላይ ነው።

በሴኮንድ 50 ጊዜ በሚመላለሰው በአገራችን መብራት የከረንቱ ጫፍ በ1/200 ሴኮንድ ይቀድማል። መቅደም ማለት እንግዲህ የጫፎቹ ተራ ነው እንጂ ውጤት ምክንያቱን ጥሎ መሄዱ አይደለም።