ለቤት መሥሪያ የተበደርነው ገንዘብ በመጨረሻ ስንት ይሆናል?

በራቤልና በአካባቢዋ ሰው ቤቱን በድንጋይ ይሠራል። ክዳኑ ድሮ ሣር ነበር። ዛሬ ግን ብዙው ሰው ቆርቆሮ ይፈልጋል። የሣር ክዳን ቶሎ ቶሎ መታደስ አለበት፤ እሳትም ያሰጋዋል። ቆርቆሮ አንዴ ከተመታ ብዙ ዓመት ይቆያል። ስለዚህ ቆርቆሮ መፈለግ ደግ ነገር ነው። ጥያቄው፣ ገንዘቡ ከየት ይመጣል? የሚለው ነው።

ገንዘብ ያጠረው ሰው ሦስት በር ያንኳኳል። አንደኛው መሬቱን ለባለ ገንዘብ ማስያዝ ነው። ሁለተኛው ከአራጣ አበዳሪ መበደር ነው። ሦስተኛው ወደ ብድር ተቋም መሄድ ነው። በዚህ ትምህርት ሦስቱንም በሒሳብ እናያለን። እርሳስና ወረቀት ይዛችሁ አብራችሁን አስሉ። ማንበብና መጻፍ የተማርነው ለዚህ ነውና።

ከመጀመሪያው አንድ ነገር እንያዝ። የብድር ዋጋ በእጃችን የገባው ገንዘብ አይደለም። ዕዳው እስኪያልቅ ድረስ ከቤታችን የሚወጣው ሁሉ ነው።

1. ወለድ ምንድን ነው?

ወለድ የሚለው ቃል የመጣው «ወለደ» ከሚለው ቃል ነው። የተበደርነው ገንዘብ ዋናው ይባላል። ዋናው እንደ እናት በግ ነው፤ ወለዱ እንደ ግልገል ነው። ግን ትልቅ ልዩነት አላቸው። በግ የምትወልደው ስትበላ ነው። ድርቅ ሲመጣ ትጨነግፋለች፣ ወይም ትመክናለች። ገንዘብ ግን አይመክንም። በልግ ቢቀር፣ ውርጭ ገብሱን ቢመታው፣ በረዶ ባቄላውን ቢያረግፈው ወለድ ቀኑን ጠብቆ ይወለዳል። ይህን የረሳ ሰው የብድርን ሒሳብ ገና አላወቀም ማለት ነው።

2. መሬት ማስያዝ፤ ወለድ አገድ

ወለድ አገድ ከጥንት የነበረ የብድር ዓይነት ነው። ተበዳሪው ገንዘብ ይወስዳል፤ መሬቱን ለአበዳሪው ይሰጣል። አበዳሪው በወለድ ፈንታ መሬቱን እያረሰ ይበላል። ተበዳሪው መሬቱን የሚያገኘው ዋናውን ገንዘብ በሙሉ ሲመልስ ነው።

ይህ ልማድ በሕግም የታወቀ ነበር። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ስለ ወለድ አገድ ደንግጓል። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የወጣው የገጠር መሬት አዋጅ ግን መሬትን መሸጥንም፣ በዕዳ ማስያዝንም፣ በወለድ አገድ መስጠትንም ከለከለ። ያም ሆኖ በቃል ስምምነት፣ በሽማግሌ ፊት ብቻ፣ መሬትን በብድር ማስያዝ በየቦታው ጨርሶ አልጠፋም።

ብዙ ሰው «ይኼ ብድር ወለድ የለውም፤ የወሰድኩትን ያህል ብቻ ነው የምመልሰው» ይላል። እውነት ወለድ የለውም? እስቲ እናስላ።

አንድ አርሶ አደር ለቆርቆሮ ቤት 40,000 ብር ተበደረ እንበል። ሁለት ጥማድ መሬትም አስያዘ። መሬቱ በዓመት 6 ኩንታል ገብስ ይሰጣል እንበል። ዘሩንና ድካሙን የሚችለው አበዳሪው ስለሆነ 6ቱንም ኩንታል አንቆጥርም። መሬቱን የእኩል ቢሰጠው ኖሮ ባለመሬቱ 3 ኩንታል ያገኝ ነበር። ስለዚህ በየዓመቱ ያጣው 3 ኩንታል ነው። የአንዱ ኩንታል ዋጋ 5,000 ብር ቢሆን፣ 3 ጊዜ 5,000 ማለት 15,000 ብር ነው።

ይህ 15,000 ብር ወለዱ ነው። ስሙ ስላልተጠራ ብቻ አልታየንም። ወደ መቶኛ ስንለውጠው በዓመት ከመቶ 37 ብር ከ50 ሳንቲም ይሆናል።

አርሶ አደሩ ገንዘቡን አግኝቶ የመለሰው በ4 ዓመቱ ነው እንበል።

በ4 ዓመት ያጣው ገብስ፦ 12 ኩንታል
የገብሱ ዋጋ፦ 60,000 ብር
የመለሰው ዋና ገንዘብ፦ 40,000 ብር
ጠቅላላ የወጣበት፦ 100,000 ብር

የ40,000 ብሩ ቤት 100,000 ብር ፈጀ። ከዚህም የከፋ ነገር አለ። 12 ኩንታል ገብስ አበዳሪው ጎተራ ሲገባ፣ ከዋናው ዕዳ አንዲት ብር እንኳ አልቀነሰም። በዚያ ላይ መሬቱ ከእጁ የወጣ ሰው ዋናውን የሚመልስበትን ገንዘብ ከየት ያመጣል? የሚከፍልበትን መሣሪያ ራሱን ነው ያስያዘው። በሬውን አስይዞ ማረሻ እንደተበደረ ሰው ሆነ። ብዙ ወለድ አገድ ለሁለት ዓመት ተብሎ ተጀምሮ ዐሥር ዓመት የሚዘልቀው በዚህ ምክንያት ነው።

3. አራጣ

አራጣ አበዳሪ ብዙ ጊዜ ወለዱን በወር ይናገራል። «በወር ከመቶ ዐሥር ብር ብቻ» ይላል። ሲሰሙት ትንሽ ይመስላል። በ40,000 ብር ላይ በወር 4,000 ብር ነው። ዓመቱ 12 ወር ነውና 12 ጊዜ 4,000 ማለት 48,000 ብር ይሆናል። ወለዱ በአንድ ዓመት ከዋናው በለጠ። ስለዚህ ወለድ በወር ሲነገረን ሁልጊዜ በ12 እናባዛው።

የፍትሐ ብሔር ሕጉ በሰውና በሰው መካከል በሚደረግ ብድር ላይ በዓመት ከመቶ 12 ብር የሚበልጥ ወለድ አይፈቅድም። በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግም አራጣ አበዳሪን ይቀጣል። ሰው በችግሩ ጊዜ ያገኘውን ሁሉ ቢፈርምም ሕግ ከጎኑ እንዳለ ይወቅ።

4. የብድር ተቋም

አካባቢያችን የሚያውቀው የብድር ተቋም የአማራ ብድርና ቁጠባ ተቋም፣ ባጭሩ አብቁተ ነበር። ይህ ተቋም በ2015 ዓ.ም. ጸደይ ባንክ በሚል ስም በባንክነት ሥራ ጀመረ። የተቋም ብድር ወለዱ በጽሑፍ ይታወቃል። ይህ ትልቅ ጥቅም ነው። ነገር ግን የተጻፈውን አንብቦ ማስላት የተበዳሪው ፋንታ ነው።

40,000 ብር በዓመት ከመቶ 15 ብር ወለድ፣ ለ4 ዓመት ተበደርን እንበል። ይህ ሒሳብ በሁለት መንገድ ሊሠራ ይችላል።

በመጀመሪያው መንገድ ወለዱ ሁልጊዜ በመጀመሪያው ገንዘብ ላይ ይታሰባል። በዓመት 6,000 ብር ነው። በ4 ዓመት 24,000 ብር ይሆናል። ጠቅላላው 64,000 ብር ነው።

በሁለተኛው መንገድ ወለዱ በቀሪው ዕዳ ላይ ብቻ ይታሰባል። በየዓመቱ ከዋናው 10,000 ብር ብንከፍል ዕዳው ይቀንሳል፤ ወለዱም አብሮት ይቀንሳል።

1ኛ ዓመት፦ በ40,000 ብር ላይ 6,000 ብር ወለድ
2ኛ ዓመት፦ በ30,000 ብር ላይ 4,500 ብር ወለድ
3ኛ ዓመት፦ በ20,000 ብር ላይ 3,000 ብር ወለድ
4ኛ ዓመት፦ በ10,000 ብር ላይ 1,500 ብር ወለድ
ጠቅላላ ወለድ፦ 15,000 ብር

ጠቅላላው 55,000 ብር ነው። ሁለቱም «ከመቶ 15» ይባላሉ፤ ልዩነታቸው ግን 9,000 ብር ነው። ስለዚህ «ወለዱ ስንት ነው?» ብሎ መጠየቅ አይበቃም። «በየትኛው ገንዘብ ላይ ይታሰባል? በመጀመሪያው ነው ወይስ በቀሪው?» ብሎ መጠየቅ ያስፈልጋል።

አሁን ደግሞ ጊዜውን እንይ። ያንኑ ብድር በቀሪው ዕዳ ሒሳብ ለ8 ዓመት ብናደርገው፣ በየዓመቱ ከዋናው የምንከፍለው 5,000 ብር ብቻ ነው። ይቀልላል። የ8ቱ ዓመት ወለድ ሲደመር ግን 27,000 ብር ይሆናል። ጊዜውን በማርዘም ብቻ 12,000 ብር ጨመርን። ረዥም ጊዜ ሸክሙን ያቀልላል፤ መንገዱን ግን ያስረዝማል።

ምንም ባንከፍልስ? ወለዱ በዋናው ላይ እየተጨመረ፣ ወለድ ወለድን የሚወልድ ከሆነ፣ 40,000 ብሩ በዓመቱ 46,000፣ በ2 ዓመት 52,900፣ በ5 ዓመት ከ80,000 ብር በላይ ይሆናል። ዕጥፍ ሆነ ማለት ነው። አዝመራ ሲበላሽ መደበቅ የማይጠቅመው ለዚህ ነው። መክፈያው ቀን ሳይደርስ ወደ ተቋሙ ሄዶ ችግርን መናገር ይሻላል።

5. ከተማ ያሉ ልጆቻችን

ይህ ሒሳብ የገጠር ብቻ አይደለም። በአዲስ አበባ 20/80 በሚባለው የኮንዶሚኒየም ፕሮግራም ባለዕድሉ ከቤቱ ዋጋ ከመቶ 20 ቆጥቦ ይከፍላል፤ የቀረው 80 የባንክ ብድር ነው። የቤት ብድር ዐሥራ አምስት ወይም ሃያ ዓመት ሊፈጅ ይችላል። አንድ ሰው በዓመት ከመቶ 10 ወለድ ለ20 ዓመት ተበድሮ በየወሩ እኩል ቢከፍል፣ ለተበደረው ለእያንዳንዱ 100 ብር በጠቅላላ 231 ብር ያህል ይከፍላል። በመጀመሪያው ወር ከከፈለው ከእያንዳንዱ 100 ብር ውስጥ ደግሞ 86ቱ ወለድ ነው፤ ከዋናው የሚቀነሰው 14 ብር ብቻ ነው። ልጃችን «ብዙ ዓመት ከፍዬ ዕዳው አልነቃነቅ አለኝ» ቢል ምክንያቱ ይህ ነው። መጀመሪያ ላይ ከዋናው ትንሽ ጨምሮ መክፈል የሚፈቀድ ከሆነ፣ ያ ትንሽ ጭማሪ የብዙ ዓመት ወለድ ያድናል።

6. ታዲያ ምን እናድርግ?

ብድር ሁሉ ክፉ ነው አንልም። በግ ገዝቶ አድልቦ ለበዓል የሚሸጥ ሰው ዕዳውን የሚከፍለው ከትርፉ ነው። ቤት ግን ገብስ አያፈራም። የቤት ብድር የሚከፈለው ከሌላ ገቢ ስለሆነ ጥንቃቄው መብዛት አለበት።

ቤት ስንሠራ ሁሉንም በብር መግዛት የለብንም። ድንጋዩ ከደጃችን አለ። ጉልበቱ ከደቦ ይገኛል። «ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ» እንዲሉ። በዕቁብና በበግ ሽያጭ 15,000 ብር አስቀድመን ብናጠራቅም፣ የምንበደረው ለቆርቆሮና ለሚስማር 25,000 ብር ብቻ ነው። በ2 ዓመት፣ በቀሪው ዕዳ ሒሳብ፣ ከመቶ 15 ብንከፍለው ወለዱ 5,625 ብር ነው። ከራሳችን 15,000 ብር ጋር ሲደመር ቤቱ 45,625 ብር ፈጀ። በወለድ አገድ ከሆነው 100,000 ብር ጋር አስተያዩት። ቤቱ ያው ቤት ነው። አንዱ ቤተሰብ ግን ገብሱን ሲበላ፣ ሌላው የራሱን መሬት ገብስ ከገበያ ይሸምታል።

መሬትን በሚመለከት ሌላም የምናውቀው ነገር ይኑር። በ2016 ዓ.ም. የወጣው የፌዴራል የገጠር መሬት አዋጅ፣ የይዞታ ማረጋገጫ ያለው አርሶ አደር በመሬቱ የመጠቀም መብቱን ለአበዳሪ ተቋም አስይዞ እንዲበደር ፈቅዷል። የሚያዘው የመጠቀም መብቱ ነው። አጋጣሚው ጥሩ ነው፤ አደጋውም ያው ነው። ዕዳው ካልተከፈለ እርሻው ከእጅ ሊወጣ ይችላል። የባልና የሚስት መሬት የጋራ ነው፤ ደብተሩም በሁለቱ ስም ነው። ስለዚህ ሁለቱም ሒሳቡን ሳያውቁ፣ ሁለቱም ሳይስማሙ አንዳቸው ብቻቸውን አይፈርሙ።

ከመፈረማችን በፊት እነዚህን እንጠይቅ፦

ሀ. የአገልግሎትና ሌላ ክፍያ ተቀንሶ በእጄ የሚገባው ስንት ነው?
ለ. እስከ መጨረሻው ቀን ድረስ በጠቅላላ የምከፍለው ስንት ነው?
ሐ. ወለዱ በመጀመሪያው ገንዘብ ነው ወይስ በቀሪው ዕዳ የሚታሰበው?
መ. ቀድሜ ብከፍል ወለዱ ይቀንስልኛል?
ሠ. አንድ ጊዜ ባይሆንልኝ ቅጣቱ ምንድን ነው? ምንስ ይያዝብኛል?

መልሱን በወረቀት እንቀበል። በፍትሐ ብሔር ሕጉ ከ500 ብር በላይ የሆነ ብድር በምስክር ቃል ብቻ አይረጋገጥም። ጽሑፍ ያስፈልጋል፤ ካልሆነም ባላጋራው በፍርድ ቤት ማመን ወይም መማል አለበት። የከፈልንበትንም ደረሰኝ ሁሉ እናስቀምጥ። ጣት እየነከሩ መፈረም ቀርቶ አንብቦ መፈረም የመጣው በብዙ ድካም ነው። የተማርነው ፊደል መጀመሪያ የሚያገለግለን የራሳችንን ውል በማንበብ ነው።

የመወያያ ጥያቄዎች

1. ወለድ አገድ ወለድ የለውም የሚሉ ሰዎች የማይቆጥሩት ነገር ምንድን ነው?
2. አንድ ሰው 20,000 ብር በወር ከመቶ 5 ብር ወለድ ቢበደር፣ በዓመት ስንት ብር ወለድ ይከፍላል?
3. በቀበሌያችሁ የሁለት ጥማድ መሬት የእኩል ድርሻ በዓመት ስንት ኩንታል ይሆናል? በገበያችሁ ዋጋ አስሉት።
4. የብድር ጊዜን ማርዘም ጥቅሙና ጉዳቱ ምንድን ነው?

የቃላት ፍች

ዋና፦ የተበደርነው ገንዘብ፣ ወለዱ ሳይጨመር
ቀሪ ዕዳ፦ ከፍለን ከቀነስን በኋላ ገና ያልተከፈለው ዋና ገንዘብ
አራጣ፦ ሕግ ከሚፈቅደው በላይ የሆነ ከባድ ወለድ
መያዣ፦ ዕዳው ባይከፈል አበዳሪው የሚይዘው ንብረት ወይም መብት