አብረውት የተፈረደባቸው በይግባኝ ነፃ ሲወጡ፣ ይግባኝ ላላለው እስረኛ ምን ይደረግለታል?

ሦስት ሰዎች በአንድ መዝገብ ተከሰው፣ በእነዚያው ምስክሮች ቃል ተፈረደባቸው እንበል። ሁለቱ ይግባኝ ጠይቀው በነፃ ተሰናበቱ፤ ሦስተኛው ገንዘብ አጥቶ ወይም ተስፋ ቆርጦ ፍርዱን ተቀብሎ ማረሚያ ቤት ቀረ። ብዙ ቤተሰብ «የይግባኝ ጊዜው አልፏል» ሲባል እጁን አጣጥፎ ይቀመጣል። አትቀመጡ። የ1954ቱ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 196፣ ለይግባኝ ባዩ የጠቀመው ፍርድ ይግባኝ ላላለው የአንድ መዝገብ ፍርደኛም፣ ቢጠይቅ ኖሮ ያው ይወሰንለት እንደነበር ከታየ፣ ልክ ይግባኝ እንዳለ ተቆጥሮ እንዲፈጸምለት ይላል። የወንድሜን መዝገብ ስከታተል የተማርኩትን በቅደም ተከተል እነሆ።

1. የሥር ፍርድ ቤቱንም የይግባኝ ሰሚውንም ፍርድ ሙሉ ግልባጭ፣ ማኅተም ያረፈበትን፣ ከመዝገብ ቤት አውጡ።

2. ነፃ የወጡበትን ምክንያት ለዩ። ነገሩ የሚበላሸው እዚህ ላይ ነው፤ የእኛም የመጀመሪያ አቤቱታ የወደቀው በዚሁ ነው። «እነሱ ነፃ ስለወጡ እሱም ነፃ ይውጣ» የሚል አቤቱታ ውኃ አያነሳም። ዳኞቹ የሚመዝኑት የተፈቱበት ምክንያት ወንድማችሁንም ይነካ እንደሆነ ነው።

የጋራ ምክንያት የሚባለው፦ ድርጊቱ ጨርሶ ወንጀል አይደለም ከተባለ፣ ወይም ሁሉንም ያስፈረዱት ምስክሮች እርስ በርስ ስለተጋጩ ቃላቸው አይታመንም ከተባለ ነው። እንዲህ ከሆነ መሠረቱ ለሦስቱም ፈርሷልና አጥብቃችሁ ተከራከሩ።

የግል ምክንያት ግን አይተላለፍም። አንዱ በዕለቱ ሌላ ከተማ እንደነበረ በመከላከያ ምስክር አስረድቶ ከሆነ፣ ወይም ምስክሮቹ እሱን ለይተው ካላወቁት፣ ይህ ለወንድማችሁ አይሆነውም። በተለይ ወንድማችሁ በቁጥር 35 መሠረት ፍርድ ቤት ቀርቦ የሰጠው የእምነት ቃል መዝገቡ ውስጥ ካለ ተጠንቀቁ፤ የሌሎቹ መፈታት ያንን ቃል ከመዝገቡ አያወጣውም። ቃሉን ዝም ብላችሁ አትለፉት፣ ዐቃቤ ሕግ መጀመሪያ የሚያነሳው እሱን ነው። ለምን ሊያስፈርድ እንደማይገባ ከሕግ ባለሙያ ጋር መክራችሁ አስቀድማችሁ መልስ ስጡበት።

የቅጣት ቅነሳም እንዲሁ ነው። ባልደረባው የተቀነሰለት በራሱ የቀድሞ መልካም ጠባይ ከሆነ አይጠቅማችሁም፤ የወንጀሉ ደረጃ በስህተት ከፍ ተደርጎ ተይዞ ነበር ተብሎ ከሆነ ግን ይጠቅማችኋል።

እኔ የምወደው ዘዴ ይህ ነው፦ ወረቀቱን በሁለት ዓምድ ክፈሉት። በግራ ይግባኝ ሰሚው የሰጠውን እያንዳንዱን ምክንያት፣ በቀኝ ወንድማችሁ የተፈረደበትን ማስረጃ ከነገጹ ጻፉ። ቀኝና ግራው የሚገጥሙበት መስመር አቤቱታችሁ ነው፤ የማይገጥመውን አታስገቡት።

3. አቤቱታውን አጭር አድርጋችሁ ጻፉ፤ ቁጥር 196ን ጥቀሱ፣ ሁለቱን ግልባጮች አያይዙ።

4. አቤቱታውን ያንን ፍርድ ለሰጠው ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት አስገቡ። ትዕዛዙን የሚሰጠው እሱ ነው፤ የማረሚያ ቤቱ አስተዳደር ሊያደርግላችሁ የሚችለው ነገር የለም።

5. ካልተሳካ ሁለት መንገድ አለ። ይግባኙ በጊዜው ያልቀረበው በእስረኛው ጥፋት እንዳልሆነ ማስረዳት ከቻላችሁ፣ በቁጥር 191 የማስፈቀጃ ማመልከቻ አቅርቡ። የመጨረሻው ውሳኔ መሠረታዊ የሕግ ስህተት አለበት የምትሉ ከሆነ ደግሞ ሰበር ሰሚ ችሎት አለ። የፌዴራሉ ሰበር ችሎት የሕግ ትርጉም የሥር ፍርድ ቤቶችን ስለሚያስገድድ፣ የታተሙትን የውሳኔዎቹን ቅጾች አገላብጡ።

ውጭ አገር እያለ በሌለበት የተፈረደበት ሰው ሌላ በር አለው፦ መጥሪያ ሳይደርሰው ወይም ከአቅም በላይ በሆነ ምክንያት ሳይቀርብ ቀርቶ ከሆነ፣ ፍርዱን ባወቀ በ30 ቀን ውስጥ እንዲነሣለት ማመልከት ይችላል።

6. ትዕዛዙ ሲሰጥ የመፍቻው ደብዳቤ ለማረሚያ ቤቱ መድረሱን ራሳችሁ ተከታተሉ።

ፍርዱ ገና ትናንት የተሰጠ ከሆነ ግን ይህን ሁሉ መንገድ አትጠብቁ። የይግባኝ ማስታወቂያ በ15 ቀን፣ የይግባኙ ማመልከቻ ደግሞ የፍርዱ ግልባጭ በደረሰ በ30 ቀን ይቀርባል። በሌላ ሰው ይግባኝ ከመንጠልጠል በራስ ይግባኝ መከራከር ይሻላልና፣ ዛሬውኑ መዝገብ ቤት ሂዱ።