የመነኮሳይያት ቃል ኪዳንና የማኅበር ኑሮ

አንዲት ሴት «ቆብ ደፋች» ሲባል የሰማ ሰው ብዙ ጊዜ ምክንያቱን ይጠይቃል፤ ባሏ ሞቶባት ነው? ልጅ አጥታ ነው? ምን ቢደርስባት ነው? መልሱን ብናገኝም ምን ቃል እንደገባች፣ ቃሏንም ጠብቃ ዕድሜዋን እንዴት እንደምትዘልቅ ገና አላወቅንም። በኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተ ክርስቲያን ሥርዓት የምንኩስና ቃል በአንድ ቀን ይገባል፤ የሚጸናው ግን በየዕለቱ ሥርዓትና አብረው በሚኖሩ እህቶች ነው። እንዴት እንደሆነ ከሥሩ እንመልከት።

በቅድሚያ በየደብሩ አጥቢያ የምናውቃቸውን እማሆዮች ከገዳም መነኮሳይያት እንለይ። ብዙ እናቶች ልጆቻቸውን አሳድገውና ድረው፣ ወይም ባላቸው ካረፈ በኋላ፣ ቆብ ደፍተው በቤታቸው ወይም በቤተ ክርስቲያን ዙሪያ ይኖራሉ። ይጾማሉ፣ ያስቀድሳሉ፣ ይጸልያሉ፤ ጎጇቸውንና ጓዳቸውን ግን የሚያስተዳድሩት ራሳቸው ናቸው። የገዳም መነኮሲት ኑሮዋን ለማኅበር አሳልፋ የሰጠች ናት። ይህ ጽሑፍ የሚናገረው ስለ እሷ ነው።

የማኅበር ምንኩስና መሠረቱ የተጣለው በ4ኛው መቶ ዘመን በግብፅ ነው። አባ እንጦንስ በበረሃ ለብቻ የመኖርን መንገድ ሲያሳዩ፣ አባ ጳኩሚስ መነኮሳትን በአንድ አጥር ሰብስበው የጸሎት፣ የሥራና የማዕድ ሥርዓት አበጁላቸው። እኅታቸው ማርያምም በዚያው ሥርዓት የሴቶችን ማኅበር መርታለች። ሥርዓተ ጳኩሚስ ወደ ግእዝ ተተርጉሞ የአገራችንን ገዳማት ቀርጿል። ዛሬ በእኛ ዘንድ ሁለት ዓይነት አኗኗር አለ። በአንድነት ገዳም ሥራው፣ ገቢውና ማዕዱ የጋራ ነው። በቁሪት ገዳም ግን እያንዳንዱ በየበዓቱ የራሱን ኑሮ እየኖረ ለጸሎትና ለቅዳሴ ይገናኛል። የቃል ኪዳኑ ትርጉም ጎልቶ የሚታየው በአንድነት ገዳም ነው።

ወደ ገዳም የገባች ሴት ወዲያው አትመነኩስም፤ መጀመሪያ በአመክሮ ትቆያለች። ውኃ ትቀዳለች፣ እንጨት ትለቅማለች፣ ትፈጫለች፣ አረጋውያትን ትረዳለች፤ ከዚሁ ጎን ጸሎቱንና ሥርዓቱን ትማራለች። በዚህ ጊዜ ማኅበሩ እሷን ይመዝናል፤ እሷም ራሷን ትመዝናለች። ቃል ስላልገባች ልመለስ ብትል ነውር የለበትም። አመክሮ ዋና ቁም ነገሩ ይህ ነው፦ በኀዘን ወይም በቁጣ የተወሰነ ውሳኔ በጊዜ እንዲፈተን ያደርጋል።

አመክሮዋን ስትጨርስ፣ በምትመነኩስበት ዕለት፣ ለሞተ ሰው የሚደረሰው ጸሎተ ፍትሐት ይደረስላታል። ለዓለም ሞታለችና። ጠጉሯ ይቆረጣል፣ አዲስ ስም ይወጣላታል። የምንኩስና ልብሶች ቅናት፣ ቀሚስ፣ ቆብና አስኬማ ናቸው፤ አስኬማ የሚሰጠው በተጋድሎ ለጸኑት ነው። ከዚያ በኋላ መጠሪያዋ «እማሆይ» ነው።

የምትገባው ቃል ሦስት ነገሮችን ይይዛል፤ ንጽሕናን፣ ድህነትንና ታዛዥነትን። ንጽሕና ከጋብቻ መራቅ ብቻ አይደለም፤ ለአንድ ቤተሰብ ሊሰጥ የሚችለውን ፍቅር ለእግዚአብሔርና ለማኅበሩ ሁሉ መስጠት ነው። ለዚህም ነው በድንግልና የመጣችውም፣ ወልዳ ያሳደገችውም በአንድ ገዳም እህትማማች ሆነው የሚኖሩት። ድህነት ማለት «የእኔ» የሚባል ነገር አለመያዝ ነው። የፈተለችው ጥጥ፣ የሰፋችው ሞሰብ፣ ዘመድ ያመጣላት ስጦታ ሁሉ ወደ ማኅበሩ ይገባል፤ የሚያስፈልጋትንም ማኅበሩ ይሰጣታል። ከሦስቱ በየሰዓቱ የሚፈትነው ግን ታዛዥነት ነው። የገዳሙ አስተዳዳሪ እመ ምኔቷ ዛሬ ወደ ማድ ቤት፣ ነገ ወደ አትክልት ቦታ ብትልካት ትሄዳለች። በዓለም ሳለች እመቤት የነበረችና አገልጋይ የነበረች እኩል የሚሆኑት እዚህ ላይ ነው።

ቃሉን የሚሸከመው የቀኑ ሥርዓት ነው። ሰባት የጸሎት ጊዜያት አሉ፤ ነግህ፣ ሠለስት፣ ቀትር፣ ተሰዓት፣ ሠርክ፣ ንዋምና መንፈቀ ሌሊት። በእነዚህ መካከል ዳዊት ይደገማል፣ ውዳሴ ማርያም ይደረሳል፣ ይሰገዳል፣ ይሠራል። በጾም ቀን እህል የሚቀመሰው ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት በኋላ ነው። ልብ የዛለባት እህት ብቻዋን ብትሆን ጸሎቷን ልትተው ትችል ይሆናል፤ ደወሉ ሲደወልና ጓደኞቿ ሲነሡ ግን አብራ ትነሣለች። ደካማዋን የሚያጸናት ማኅበሩ ነው የምንለው ለዚህ ነው።

ይህን በሥራ ካሳዩት እናቶች አንዷ ቅድስት ወለተ ጴጥሮስ ናት። እ.ኤ.አ. በ1592 ከመኳንንት ወገን ተወለደች፤ የዐፄ ሱስንዮስ ባለሟል የነበረውን መልክአ ክርስቶስን አገባች። የወለደቻቸው ልጆች በሕፃንነታቸው ሞቱባት። በኋላም ባሏን ትታ መነኮሰች። ንጉሡ የካቶሊክን እምነት ሲቀበሉ አልቀበልም ብላ ተከራከረች፣ ተሰደደች፣ ተጋዘች። በዙሪያዋ የተሰበሰበው ሕዝብ እየበዛ ሲሄድ ሰባት ማኅበራትን አቋቋመች፤ ወንዶችም ሴቶችም በእሷ ሥር ይተዳደሩ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1642 ስታርፍ ማኅበሩን የመራችው የረጅም ዘመን ባልንጀራዋ እኅተ ክርስቶስ ነበረች። ካረፈች ከሠላሳ ዓመት በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1672፣ ገድሏ ሲጻፍ ታሪኳን ያቆየው ማኅበሯ ነው። በጣና ዳር ያለችው ቆራጣም እስከ ዛሬ በስሟ ትታወቃለች።

ቃል ኪዳኑ ተሰጥኦን እንደማያጠፋ ደግሞ የእማሆይ ጽጌ ማርያም ገብሩ ሕይወት ይመሰክራል። እ.ኤ.አ. በ1923 በአዲስ አበባ ተወልደው በአውሮፓ ሙዚቃ የተማሩት እኚህ እናት በወጣትነታቸው ግሸን ማርያም ገብተው መነኮሱ፤ ወደ አሥር ዓመት በዚያ በባዶ እግራቸው ኖሩ። ከግሸን ከወጡ በኋላም ምንኩስናቸውን አልተዉም። ፒያኖ ይጫወቱ፣ ዜማ ይደርሱ ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ1967 የወጣው የመጀመሪያ ሸክላቸው ገቢ ለችግረኞች መርጃ ውሏል። የመጨረሻ አርባ ዓመታቸውን ያህል በኢየሩሳሌም በኢትዮጵያ ገዳም ኖረው እ.ኤ.አ. በ2023 ዐረፉ። ሥራው የእሳቸው ነበር፤ ፍሬውን ግን ለሌሎች ሰጡት። የድህነት ቃል በተግባር ሲውል እንዲህ ነው።

እንግዲህ ልጅዎ ወይም እህትዎ «ልመንን ነው» ብትል በለቅሶ አያስጨንቋት፤ በችኮላም አይሸኟት። የአመክሮ ጊዜዋን በሙሉ እንድትፈጽም ይምከሯት፤ ሥርዓቱ ይህን ጊዜ ያስቀመጠው ለእሷ ብሎ ነው። የሴቶች ገዳም ለመሳለም ሲሄዱም እናቶች የሠሩትን ሞሰብና ፈትል ይግዙ። እህል፣ ጧፍ ወይም ገንዘብ ይዘው ከሆነ ደግሞ በአንዲት እናት እጅ ከማስጨበጥ ለገዳሙ መጋቢ ያስረክቡ፤ በዚህ ማኅበሩንም ይረዳሉ፣ የእማሆይንም ቃል ያስጠብቃሉ።