የቃሏ ባለቤት የሆነች ሴት

ጉዳይ ገጥሞት ደብረ ታቦር የወረደ ሰው ሁሉ ማመልከቻ ጸሐፊዎችን ያውቃል። ከፋርጣ፣ ከእስቴ ወይም ከጋይንት የመጣ ባለጉዳይ አጠገባቸው ቁጢጥ ይልና ችግሩን ይነግራቸዋል። ጸሐፊው ይጽፋል። ባለጉዳዩ ይከፍላል፤ አውራ ጣቱን ቀለም ነክሮ ይፈርማል። ወረቀቱን አጣጥፎ በጋቢው ጫፍ ይቋጥራል። «የተናገርሁትን ጽፎልኝ ይሆን? ወይስ ሌላ?» እያለ ይሄዳል። ጠይቆ የሚያውቅበት መንገድ የለውም።

ፊደል ሳንቆጥር በፊት ብዙዎቻችን እንዲህ ነበርን። ቃሉ የእኛ ነበር፤ ብዕሩ ግን የሌላ ሰው ነበር።

የዛሬው ትምህርታችን ስለ ቴአትር ነው። «ቴአትርና ማመልከቻ ምን አገናኛቸው?» የሚል አይጠፋም። ታገሡን፤ መጨረሻ ላይ እናገናኛቸዋለን።

ሦስቱ ሥራዎች

ቴአትር በሰው ፊት የሚታይ ታሪክ ነው። ሰዎች ከፍ ካለ ቦታ ላይ ይቆማሉ። አንዱ ባል፣ አንዷ ሚስት፣ አንዱ ዳኛ፣ አንዱ አራጣ አበዳሪ ይሆናል። ይከራከራሉ፣ ይጣላሉ፣ ይታረቃሉ። ተመልካቹ እያየ ይስቃል፤ ያለቅሳል፤ ራሱንም ያይበታል።

በዚህ ሥራ ሦስት ሰዎች አሉ። የመጀመሪያው ተዋናይ ነው። ተዋናይ ሌላውን ሰው ሆኖ ይናገራል። ሁለተኛው ደራሲ ነው። ደራሲ እያንዳንዱ ሰው የሚናገረውን ቃል አስቀድሞ ይጽፋል። ሦስተኛው አዘጋጅ ነው። አዘጋጅ እንደ ደቦ መሪ ነው። በደቦ ማን ከየት እንደሚያጭድ፣ ማን ነዶ እንደሚሸከም የሚያስተባብር ሰው አለ። አዘጋጅም ማን ከየት እንደሚገባ፣ ማን መቼ እንደሚናገር፣ ማን ዝም እንደሚል ያሳያል።

እንግዲህ ልብ በሉ። ተዋናይ የቱንም ያህል ጎበዝ ቢሆን የሚናገረው ሌላ ሰው የጻፈውን ቃል ነው። በቡሄ ማታ ሆያ ሆዬ የሚጨፍሩ ልጆችን አስቧቸው። አንዱ ያወርዳል፤ ሌሎቹ ይቀበላሉ። ተቀባዩ ድምፁ ቢያምርም ቃሉን የሚሰጠው አውራጁ ነው። ተዋናይ ተቀባይ ነው ማለት ይቻላል። ደራሲ ደግሞ አውራጅ ነው።

ሴት የሌለባት ሚስት

በአገራችን የመጀመሪያው ዘመናዊ ቴአትር የታየው ከመቶ ዓመት በፊት ገደማ አዲስ አበባ ውስጥ ነው። ጸሐፊው ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ነበሩ። እኒህ ሰው ኋላ በ1923 ዓ.ም. የወጣውን የመጀመሪያውን ሕገ መንግሥት ያረቀቁ ናቸው። ቴአትራቸው አውሬዎችን እንደ ሰው የሚያናግር ነበር። ሐሳቡን ያገኙት ላ ፎንቴን ከሚባል የፈረንሳይ ተረት ጸሐፊ ነው። ነገሩ ለእኛ እንግዳ አይደለም። የጦጣና የጅብ ተረት ያላደገበት የደጋ ልጅ የለም።

በ1927 ዓ.ም. የሀገር ፍቅር ማኅበር ተቋቋመ። ከዚያ ወዲህ ቴአትር እየተስፋፋ መጣ። ሆኖም አንድ ነገር ጎድሎ ነበር። በቴአትሩ ውስጥ እናት አለች፣ ሚስት አለች፣ ሙሽራ አለች፤ እነሱን ሆነው የሚጫወቱት ግን ወንዶች ነበሩ። ቀሚስ ለብሰው፣ ሻሽ አስረው፣ ድምፃቸውን አቅጥነው ይናገሩ ነበር።

ይህ በእኛ ብቻ የደረሰ አይደለም። በእንግሊዝ አገርም እስከ 1660 እ.ኤ.አ. ድረስ በሕዝብ መድረክ ሴት የሚሆኑት ወጣት ወንዶች ነበሩ።

ለምን? ለሰው ጥርጥር የለውም፤ መድረክ ላይ መቆም ለሴት እንደ ነውር ይቆጠር ነበር። «አዝማሪ ሆነች» ይሏታል። ዘመድ ያፍርባታል። ይህን ነቀፌታ ችለው ከወጡት የመጀመሪያዎቹ ሴቶች አንዷ ወይዘሮ አስናቀች ወርቁ ናቸው። ክራር እየደረደሩ ይዘፍኑ ነበር፤ በቴአትርም ረጅም ዘመን ተጫውተዋል። በ2004 ዓ.ም. ሲያርፉ ስማቸው በክብር ተነሣ። ትናንት ነውር የተባለው ዛሬ ክብር ሆነ።

ከተቀባይነት ወደ አውራጅነት

ሴት መድረክ ላይ ወጣች። መልካም። ቃሉ ግን አሁንም ወንድ የጻፈው ነበር። ሚስት መድረክ ላይ ስታለቅስ የልቅሶዋን ቃል የሚጽፍላት ወንድ ነው። ምጥ የሚያውቀው፣ ጣውንት የሚያውቀው፣ ሌሊት ወፍጮ ላይ ማደርን የሚያውቀው ማን ነው? ሴቷ ናት። የሚጽፈው ግን ሌላ።

ይህን ከለወጡት አንዷ ወይዘሮ ዓለምፀሐይ ወዳጆ ናቸው። በአዲስ አበባ መድረኮች ተዋናይ ነበሩ። በዚያ ብቻ አልቆሙም። ግጥም ጻፉ፤ ተውኔት ጻፉ፤ ተውኔት አዘጋጁ። ለብዙ ድምፃውያን የዘፈን ግጥም ሰጡ። በሬዲዮ የሰማናቸው አንዳንድ ዘፈኖች ቃላቸው የእሳቸው ነው። የዘፋኙን ስም እናውቃለን፤ የጸሐፊዋን ስም ግን ስንቶቻችን ጠይቀን እናውቃለን? በአዲስ አበባ የሕፃናትና ወጣቶች ቴአትርንም በኃላፊነት መርተዋል።

ተዋናይ የነበረ ሰው ሲጽፍ አንድ ጥቅም ያገኛል። የትኛው ቃል ከአፍ ላይ እንደሚያደናቅፍ፣ የትኛው ቃል ከመጨረሻው ረድፍ የተቀመጠውን ሰው እንደሚነካ ያውቃል። ዕርፍ ጨብጦ የማያውቅ ሰው ስለ እርሻ ቢያወራ ነገሩ ገለባ ይሆናል። ከበሬ ኋላ የዋለ ሰው ግን አፈሩን ከሽታው ይለየዋል።

ከ1983 ዓ.ም. የመንግሥት ለውጥ በኋላ ወይዘሮ ዓለምፀሐይ ወደ አሜሪካ ሄዱ። ስደት ብዙውን ሰው ዝም ያሰኛል። በባዕድ አገር እንጀራ ፍለጋ ሲሯሯጥ ሙያውን የጣለ ብዙ ነው። እሳቸው ግን በዋሽንግተን ከተማ የባህልና የትምህርት ማዕከል አቋቋሙ። በዚያ በአማርኛ ቴአትር ይታያል፤ ግጥም ይነበባል። ለማዕከሉ ያወጡለት ስም ለእኛ ለበጌምድሮች ሩቅ አይደለም። «ጣይቱ» ብለውታል።

ያልተነበበ ወረቀት

እቴጌ ጣይቱ ብጡል ዘራቸው ከስሜንና ከበጌምድር ነው። የወንድማቸው ልጅ ራስ ጉግሣ ወሌ ደብረ ታቦር ተቀምጠው እስከ 1922 ዓ.ም. በጌምድርን ገዝተዋል። ሴት ልጅ ፊደል በማትቆጥርበት ዘመን እቴጌ ጣይቱ ማንበብና መጻፍ ተምረው ነበር። በገናም ይደረድሩ ነበር።

በ1881 ዓ.ም. ዐፄ ምኒልክ ከኢጣልያ ጋር የውጫሌን ውል ተዋዋሉ። ውሉ በሁለት ቋንቋ ተጻፈ። አሥራ ሰባተኛው ክፍል በአማርኛው ኢትዮጵያ ብትፈልግ በኢጣልያ በኩል ከሌሎች መንግሥታት ጋር መነጋገር ትችላለች ይላል። በኢጣልያንኛው ግን የግድ በእኛ በኩል ትነጋገራለች የሚል ትርጉም ነበረው። «ትችላለች» እና «የግድ»! በአንድ ቃል አገር ልትሸጥ ነበር። ተንኮሉ ሲታወቅ አጥብቀው ከተቃወሙት አንዷ እቴጌ ጣይቱ ነበሩ። ነገሩ በ1888 ዓ.ም. ዐድዋ ላይ በደም አለቀ።

እንግዲህ ደብረ ታቦር ላይ በጣቱ የፈረመውን ገበሬ አስታውሱ። ወረቀቱ ያነሰ ይሁን እንጂ አደጋው አንድ ዓይነት ነው።

ካሜራም ብዕር ነው

ቴሌቪዥን በአገራችን ሥራ የጀመረው በ1957 ዓ.ም. ነው። ለቴሌቪዥን የሚጻፍ ታሪክ ከመድረኩ በጥቂቱ ይለያል። መድረክ ላይ ተዋናይ ጮክ ብሎ ይናገራል። ካሜራ ግን ቀርቦ ያያል፤ በዓይን ጥግ ያቀረረች እንባ እንኳ አታመልጠውም። ስለዚህ ጸሐፊው ቃሉን ብቻ ሳይሆን ምን እንደሚታይም ይጽፋል። «በሩ ይከፈታል፤ እናት ትገባለች፤ አትናገርም» ብሎ ይጽፋል።

በዚህም መስክ ሴቶች ብዕሩን እየያዙ ነው። በፈረንሳይ ዣን ሞሮ የምትባል ስመ ጥር ተዋናይ ነበረች። ብዙ ዓመት ወንዶች ባዘጋጁት ፊልም ከተጫወተች በኋላ በ1976 እ.ኤ.አ. ራሷ ጽፋ ራሷ ያዘጋጀችውን ፊልም አወጣች። ከእኛም ሳሌም መኩሪያ የሚባሉ ኢትዮጵያዊት አሜሪካ ውስጥ በቴሌቪዥን ጣቢያ ሲሠሩ ቆይተው የራሳቸውን ፊልሞች ሠርተዋል። በ1991 እ.ኤ.አ. የወጣው አንዱ ፊልማቸው በሱዳን በስደት ስለነበሩ ሦስት ሴቶች ነው። ከጎንደር በመተማ በኩል ሱዳን የተሰደደ ዘመድ ያልነበረው ሰው በአገራችን ጥቂት ነው። የእነዚያ ሴቶች ቃል ግን በፊልም ባይያዝ ኖሮ ከአቧራው ጋር ይቀር ነበር።

የእኛስ ደራሲዎች?

«ይህ ሁሉ የከተማ ሰው ነገር ነው» እንዳትሉ። በጉና ግርጌ ባሉ መንደሮች ለቅሶ ቤት ሄዳችሁ ሙሾ አውራጇን ስሟት። የሟቹን ዘር፣ ሙያ፣ ደግነት በግጥም ታወርደዋለች። ከማንም አልተቀበለችውም፤ ከራሷ ነው። ሠርግ ላይም እንዲሁ። እነዚህ ሴቶች ደራሲዎች ናቸው። የጎደላቸው ወረቀት ብቻ ነው። ግጥማቸው አንድ ቀን ይሰማል፤ ለቅሶው ሲበተን አብሮ ይበተናል። እነሱ ሲሞቱ ደግሞ ጨርሶ ይጠፋል። አባቶቻችን «በቃል ያለ ይረሳል፤ በጽሑፍ ያለ ይወረሳል» ያሉት ለዚህ ነው።

ማንበብ የቻልን እኛ ሁለት ነገር ማድረግ እንችላለን። አንደኛ፣ የእናቶቻችንን ቃል በደብተር እንጻፍ። ፊደሉ ቢጣመም ግድ የለም፤ የመጀመሪያ ትልምም ይጣመማል። ስማቸውንም ከሥሩ እንጻፍ። ሁለተኛ፣ የራሳችንን ጉዳይ ራሳችን እንጻፍ። በመሬት ይዞታ ደብተር ላይ የሚስትም ስም ከባል ስም ጋር ሊሰፍር ይገባል። ስሟ መኖሩን ሚስት ራሷ ገልጣ ታንብብ። ማመልከቻ ካስፈለገም መጀመሪያ ቤት ውስጥ በእጃችን እንሞክር። ለጸሐፊ ብናስጽፍ እንኳ ከመፈረማችን በፊት እናንብበው።

ወይዘሮ ዓለምፀሐይ የሌላውን ቃል ከመናገር የራሳቸውን ቃል ወደ መጻፍ ተሻገሩ። የእኛም መንገድ ይኸው ነው። ማንበብ መቀበል ነው። መጻፍ ማውረድ ነው። ስንቀበል ኖረናል፤ እንግዲህ እናውርድ።

የመወያያ ጥያቄዎች

1. በተዋናይ፣ በደራሲና በአዘጋጅ መካከል ያለው ልዩነት ምንድን ነው?
2. ቀድሞ በቴአትር ሴትን ሆነው የሚጫወቱት እነማን ነበሩ? ምክንያቱስ?
3. የውጫሌ ውልና የገበሬው ማመልከቻ በምን ይመሳሰላሉ?
4. በቀበሌያችሁ የታወቀች ሙሾ ወይም የሠርግ ዘፈን አውራጅ ማን ናት? ካወረደቻቸው ግጥሞች አንዱን አስፈቅዳችሁ በደብተራችሁ ጻፉ።