የሳውና መደብ፦ 85 ዲግሪ በሞቀ እንጨት ላይ እንዴት መቀመጥ ይቻላል?

በክረምት ማለዳ ወደ መማሪያ ክፍል የገባ ተማሪ የዴስኩን ጣውላና የዴስኩን የብረት እግር በየተራ ቢነካ፣ ብረቱ ከጣውላው ይልቅ የቀዘቀዘ ሆኖ ይሰማዋል። ቴርሞሜትር ቢያኖርባቸው ግን ሁለቱንም እኩል 15 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ሆነው ያገኛቸዋል፤ ሌሊቱን በአንድ ክፍል አድረዋልና። ቆዳችን የነገሮችን መጠነ ሙቀት በቀጥታ የሚለካ መሣሪያ አይደለም። የሚሰማን ሙቀት ከቆዳችን ወደ ዕቃው፣ ወይም ከዕቃው ወደ ቆዳችን የሚጓዝበት ፍጥነት ነው። ይህ ልዩነት በ15 ዲግሪ ከመገረም ያለፈ ነገር አያስከትልም። በ85 ዲግሪ ግን የመቃጠልና ያለመቃጠል ጉዳይ ይሆናል። በዚህ ጽሑፍ ነገሩን በሳውና መቀመጫ ምሳሌነት ለመመርመር እንሞክራለን።

ሳውና የፊንላንድ ሕዝብ ባህል ነው። 5.5 ሚሊዮን ያህል ሕዝብ ባላት በዚህች አገር ከ3 ሚሊዮን የሚበልጡ ሳውናዎች ይገኛሉ፤ ዩኔስኮም እ.ኤ.አ. በ2020 የፊንላንድን የሳውና ባህል በማይዳሰሱ ቅርሶች መዝገብ ላይ አስፍሮታል። ሳውና በእንጨት የተለበጠ ትንሽ ክፍል ሲሆን፣ ድንጋይ የተከመረበት ምድጃ አየሩን ብዙውን ጊዜ ከ70 እስከ 100 ዲግሪ ያሞቀዋል። ፊንላንዳውያን በግድግዳው ጥግ በደረጃ የሚሠራውን መቀመጫ «ላውቴት» ይሉታል። እኛ ከግድግዳ ጋር ተያይዞ የሚሠራውን የቤታችንን መቀመጫ በምንጠራበት ቃል «መደብ» ብንለው የሚስማማ ይመስለናል።

በአገራችን ከተሞች ሳውናና የእንፋሎት ክፍል አብዛኛውን ጊዜ ጎን ለጎን በሆቴሎች ይገኛሉ፤ ብዙ ሰውም ሁለቱንም በጅምላ «ስቲም» ይላቸዋል። አጠራሩ ጉዳት የለውም። ጉዳት የሚመጣው በመኖሪያ ቤቱ አንዱን ለማሠራት የተነሣ ሰው የአንዱን መቀመጫ ለሌላው ሲያዝዝ ነው። ለአንዱ የሚስማማው ሴራሚክ በሌላው ውስጥ ሰው ያቃጥላል፤ ለአንዱ የሚስማማው እንጨት በሌላው ውስጥ ይበሰብሳል።

ሁለት ነገሮች ሲነካኩ

ሁለት የተለያየ መጠነ ሙቀት ያላቸው ወፍራም አካላት ሲነካኩ፣ የሚነካኩበት ገጽ ወዲያውኑ በሁለቱ መካከል ያለ አንድ መጠነ ሙቀት ይይዛል። ይህ ግን ተራ አማካይ አይደለም፤ «ጉልበተኛው» ወደ ራሱ ይስበዋል። የአንድ ዕቃ ጉልበት በሦስት ባሕርያቱ ይወሰናል፦ በሙቀት አስተላላፊነቱ፣ በእፍጋቱ፣ እንዲሁም አንድ ኪሎ ግራሙን በአንድ ዲግሪ ለማሞቅ በሚፈጀው የሙቀት መጠን። የሦስቱን ብዜት ስኩዌር ሩት ስንወስድ የምናገኘውን ቁጥር ለአጠራር እንዲመቸን «የንክኪ አቅም» እንበለው።

ስሌቱን በሁለት ዕቃዎች እንሞክረው። በስካንዲኔቪያ አገሮች ለመደብ የሚመረጠው አስፐን የተባለው እንጨት አስተላላፊነቱ 0.11 ዋት በሜትር በዲግሪ፣ እፍጋቱ 400 ኪሎ ግራም በሜትር ኩብ፣ አንድ ኪሎ ግራሙን በአንድ ዲግሪ ለማሞቅ የሚፈጀው ደግሞ 1,600 ጁል ገደማ ነው። የንክኪ አቅሙ ስለዚህ 265 ይሆናል። ለተራ ብረት ቁጥሮቹ 50፣ 7,800 እና 480 ገደማ ስለሆኑ አቅሙ 13,700 ይደርሳል። የሰው ቆዳ 1,200 አካባቢ ነው። የንክኪውን መጠነ ሙቀት ለማግኘት የእያንዳንዱን አቅም በራሱ መጠነ ሙቀት አባዝተን እንደምራለን፤ ድምሩንም ለሁለቱ አቅሞች ድምር እናካፍላለን።

በመጀመሪያ ወደ ማለዳው ዴስክ እንመለስ። 35 ዲግሪ የሆነ ቆዳ 15 ዲግሪ የሆነ ብረት ሲነካ የንክኪው ገጽ ወደ 17 ዲግሪ ይወርዳል፤ እንደ አስፐን ያለ ቀላል እንጨት ሲነካ ግን 31 ዲግሪ ላይ ይቆያል። አሁን ሁለቱንም ዕቃዎች 85 ዲግሪ እናሙቃቸው። በእንጨቱ ላይ የንክኪው ገጽ 44 ዲግሪ፣ በብረቱ ላይ 81 ዲግሪ ይሆናል። የንክኪ አቅሙ 1,600 ገደማ የሆነ የኮንክሪት ወይም የሴራሚክ መቀመጫ ቢሆን ደግሞ ወደ 64 ዲግሪ እናገኛለን።

እነዚህ ቁጥሮች ለሰው አካል ምን ማለት ናቸው? ሞሪትዝና ሄንሪክስ የተባሉ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ1947 በአሜሪካ ባሳተሙት ጥናት እንዳሳዩት፣ ቆዳን ለማቃጠል 44 ዲግሪ የሆነ ገጽ 6 ሰዓት ያህል ሲፈጅበት፣ 60 ዲግሪ የሆነው 5 ሴኮንድ ያህል ብቻ፣ 70 ዲግሪ የሆነው ደግሞ 1 ሴኮንድ ገደማ ይበቃዋል። ከ44 እስከ 60 ያለው ርቀት 16 ዲግሪ ብቻ ነው፤ ጊዜው ግን ከሰዓታት ወደ ሴኮንዶች ያሽቆለቁላል። ስለዚህ በአስፐን ላይ የተቀመጠ ሰው ትኩስ ነገር ተሰምቶት ትንሽ ቢቁነጠነጥም ይረጋጋል። ደሙ ሙቀቱን ይወስድለታል፤ የእንጨቱም ገጽ ከውስጥ የሚተካለት ሙቀት አዝጋሚ ስለሆነ ቶሎ ይበርዳል። በሴራሚክ ላይ የተቀመጠው ግን ለመነሣት 5 ሴኮንድ እንኳ የለውም። ቀመሩ ቆዳን እንደ አንድ ወጥና ወፍራም አካል ስለሚቆጥር ለመጀመሪያዎቹ ጥቂት ሴኮንዶች የሚያገለግል ግምት ነው፤ ለእኛ ጥያቄ ግን ወሳኞቹ እነዚያው ሴኮንዶች ናቸው።

የጤዛ ነጥብ

ታዲያ እንጨት ይህን ያህል ደግ ከሆነ በእንፋሎት ክፍልስ ለምን አንጠቀምበትም? መልሱ ያለው በጤዛ ነጥብ ላይ ነው። አየር ውስጥ ያለው የውሃ ተን ከጤዛ ነጥቡ በታች የቀዘቀዘ ገጽ ሲያገኝ ወደ ውሃነት ይለወጣል። የእንፋሎት ክፍል አየር 45 ዲግሪ ገደማ ሆኖ በተን የጠገበ ነው፤ የጤዛ ነጥቡም ያው 45 ነው። ከዚህ ጥቂት እንኳ የሚቀዘቅዝ ግድግዳ፣ ጣሪያና መቀመጫ ሁሉ ያለማቋረጥ ይረጥባል። የእንጨት እርጥበት ከክብደቱ 30 በመቶ አካባቢ ሲደርስ ጭረቶቹ ውሃ ይጠግባሉ፤ ክፍሉ ሲበርድም የሚያበሰብሱት ሻጋታዎች ምቹ ቤት ያገኛሉ።

በሳውና ነገሩ ይገለበጣል። ውሃ በጋሉት ድንጋዮች ላይ ሲረጭ ፊንላንዳውያን «ሎይሊ» የሚሉት እንፋሎት ይነሣና የአየሩ የጤዛ ነጥብ ከቆዳችን መጠነ ሙቀት ከፍ ይላል። ተኑ በቆዳችን ላይ ይጤዛል፤ ያ የሚለበልብ ስሜትም ከዚያ ይመጣል። 1 ግራም ተን ወደ ውሃ ሲለወጥ 2,400 ጁል ያህል ይለቃል፤ ያው 1 ግራም ውሃ ከ45 ወደ 35 ዲግሪ ሲበርድ ግን የሚሰጠው 42 ጁል ብቻ ነው። መደቡ ግን ራሱ 85 ዲግሪ ስለሆነ ከጤዛ ነጥቡ እጅግ በላይ ይገኛል፤ ተን አይጤዝበትም። የሚነካው ላብና የተረጨ ውሃ ብቻ ሲሆን፣ እሱም ምድጃው ከጠፋ በኋላ በቀረው ሙቀት ይደርቃል። የሳውና እንጨት ዕድሜ የሚረዝመው ክፍሉ በመሞቁ ነው ማለት ይቻላል።

እንጨቱን ስለ መምረጥ

ከላይ ካየናቸው ሦስት ባሕርያት ውስጥ በእንጨቶች መካከል በሰፊው የሚለያየው እፍጋት ነው፤ አስተላላፊነትም አብሮት ያድጋል። እፍጋቱ 700 የሆነ የኦክ ጣውላ በ85 ዲግሪ የንክኪውን ገጽ ወደ 49 ዲግሪ ያደርሰዋል። ከአስፐን ጋር ያለው ልዩነት 5 ዲግሪ ያህል ብቻ ቢሆንም የሕመም ድንበርን ስለሚያሻግር ትልቅ ነው። ስለዚህ ለመደብ የሚፈለገው ቀላል፣ ጉጥ የሌለውና ሙጫ የማያወጣ እንጨት ነው። በፊንላንድ አስፐንና አልደር ይወደዳሉ። በአውሮፓ ገበያ በእጅጉ የሚፈለገው አባቺ ደግሞ ከጋናና ከካሜሩን ደኖች የሚመጣ የምዕራብ አፍሪካ ዛፍ ነው፤ በሰሜን ጫፍ የሚኖሩ ሰዎች የሚቀመጡበትን እንጨት ከአህጉራችን ማስመጣታቸው የሚያስደንቅ ነው።

ፓይንና ስፕሩስ ለግድግዳ ያገለግላሉ፤ ለመደብ ግን ሁለት እንከን አለባቸው። ሲሞቁ ሙጫቸው ይቀልጥና ከቆዳ ጋር ይጣበቃል። ጉጣቸውም ከዙሪያው እንጨት ይልቅ እፍግ ያለ ነው፤ ከዚህም ሌላ በጉጥ ላይ የእንጨቱ ጭረት ወደ ገጹ ፊቱን ያዞራል፤ እንጨት ደግሞ ሙቀትን በጭረቱ አቅጣጫ ከአግድሙ ይልቅ ወደ ሁለት እጥፍ ያህል ያስተላልፋል። ጉጥ ላይ የተቀመጠ ሰው ነጥቡን ሳያይ ለይቶ ያውቀዋል።

በአገራችን የሚገኝ ጣውላ ሊመርጥ የሚፈልግ ሰው ሚዛንና ማስመሪያ ይበቁታል። በሚገባ ከደረቀው እንጨት 10 በ10 ሴንቲ ሜትር ስፋትና 3 ሴንቲ ሜትር ውፍረት ያለው ቁራጭ ይቁረጥ። ቁራጩ 120 ግራም ከመዘነ እፍጋቱ 400 ነው፤ እሰየው። 210 ግራም ከመዘነ 700 ነው፤ ለእግር መረገጫ ካልሆነ በቀር ለመቀመጫ አንመክረውም። ባሕር ዛፍ ከከባዶቹ ወገን ከመሆኑም በላይ ሲደርቅ የመጣመምና የመሰንጠቅ ልማድ አለው። የአበሻ ጥድ መዓዛው ቢማርክም ያ መዓዛ ሲሞቅ ከሚወጣ ዘይቱ የሚመጣ ነው፤ ደኑም ተመናምኗል።

ከፍታና አሠራር

የትኛው እንጨት ይሁን በሚለው ላይ ብዙ ሲወራ፣ የመደቡ ከፍታ ይዘነጋል። በተመሳሳይ ግፊት 40 ዲግሪ የሆነ አየር 85 ዲግሪ ከሆነው በ14 በመቶ ስለሚከብድ ከታች ይተኛል፤ በአንድ ክፍል ውስጥ ጣሪያው ሥር 90 ዲግሪ ሆኖ ወለሉ 40 ሊሆን ይችላል። በዝቅተኛ መቀመጫ ላይ የተቀመጠ ሰው ራሱ ሲግል እግሩ ይቀዘቅዛል። የፊንላንድ ባለሙያዎች ደንብ «እግር ከምድጃው ድንጋዮች ከፍ ይበል» የሚል ሲሆን፣ ከላይኛው መደብ እስከ ጣሪያ ከ100 እስከ 120 ሴንቲ ሜትር እንዲቀርም ያዛል። የጣሪያው ቁመት 240 ሴንቲ ሜትር በሆነ ክፍል ላይኛውን መደብ 130፣ የእግር ማሳረፊያውን 88፣ መወጣጫውን 44 ሴንቲ ሜትር ላይ ማድረግ ይቻላል። ስፋቱ ለመቀመጥ 60 ሴንቲ ሜትር ይበቃል፤ ለመተኛት 2 ሜትር ገደማ ርዝመት ያስፈልጋል። በዚህ ከፍታ ላይ ድጋፍ የሚሆን የእንጨት መያዣ መርሳት አይገባም፤ በሙቀት የደም ሥሮቹ የሰፉበት ሰው ድንገት ሲነሣ ሊያዞረው ይችላልና።

ስለ ጥንካሬው አንድ ስሌት ብቻ እንጨምር። 9 ሴንቲ ሜትር ስፋትና 28 ሚሊ ሜትር ውፍረት ያለው ጣውላ በ60 ሴንቲ ሜትር ርቀት ባሉ ሁለት ተሸካሚዎች ላይ ቢያርፍና 80 ኪሎ ግራም የሚመዝን ሰው በመካከሉ ቢቆም፣ ጣውላው ወደ 3 ሚሊ ሜትር ይጎብጣል። የተሸካሚዎቹ ርቀት ወደ 120 ሲያድግ ጉብጠቱ በእጥፍ ሳይሆን በስምንት እጥፍ አድጎ 21 ሚሊ ሜትር ይደርሳል፤ ጉብጠት ከርቀት ኩብ ጋር ያድጋልና። በውፍረቱ ላይ ቆጥቦ 22 ሚሊ ሜትር ያስገባ አናጺም ጉብጠቱን በእጥፍ ያሳድገዋል። በጣውላዎቹ መካከል 1 ሴንቲ ሜትር ያህል ክፍተት ይተዋል፤ አየር እንዲዘዋወርና ከታች እንዲደርቅ።

ጣውላው በተሸካሚው ላይ የሚያያዘው ከሥር በኩል በሚገባ ዝገት የማይነካው ቪት ነው። ከላይ የተመታ ሚስማር፣ እንጨቱ በደረቀና በጨመተ ቁጥር ራሱን ብቅ ያደርጋል፤ የብረት የንክኪ አቅም ስንት እንደነበር ደግሞ አይተናል። ከቱቦላሬ ብረት የሚሠራ ተሸካሚ ከተመረጠም ከጣውላው በታች ተሸሽጎ የሰው አካል በማይደርስበት ይሁን። ቫርኒሽ አይቀባም፤ በሙቀት ይለሰልሳል፣ ይሸታል፣ የእንጨቱንም ቀዳዳ ይደፍናል። በመርዛማ ኬሚካል የታከመ እንጨት ለመደብ ፈጽሞ አይሆንም።

የእንፋሎት ክፍል መቀመጫ በአንጻሩ ሴራሚክ ወይም ድንጋይ መሆኑ ተገቢ ነው። 45 ዲግሪ በሆነ ሴራሚክ ላይ የንክኪው ገጽ 41 ዲግሪ ገደማ ብቻ ስለሆነ አያቃጥልም። የዚህ መቀመጫ ጠላት ውሃ ነው። ሴራሚኩ ራሱ ውሃ ባያሳልፍም በመካከሉ የሚሞላው ሲሚንቶ ያሳልፋል፤ ስለዚህ ውሃ የማያስገባው ንጣፍ ሴራሚኩ ከመለጠፉ በፊት በሥሩ መዘርጋት አለበት። መቀመጫው በ1 ሜትር 2 ሴንቲ ሜትር ያህል ወደ ፊት ዘንበል ይበል፤ አለዚያ ተቀማጩ በኩሬ ውስጥ ያርፋል። ጣሪያውም ጠፍጣፋ ሳይሆን ወደ አንድ ግድግዳ ያዘነበለ ወይም እንደ ቅስት የጎበጠ ይሁን፤ በጣሪያው ላይ የጤዘውና የበረደው ጠብታ በተቀመጠው ሰው ጀርባ ላይ ከመንጠባጠብ ይልቅ በግድግዳው ላይ ተንሸራቶ ይወርዳል።